መንጋው የማን ነው? ስለ ስልክ ወሬና ስለ ሠሪዎቹ ተጠያቂነት ለወጣቶች የቀረበ ንግግር

ቢስሚላሂር ረሕማኒር ረሒም

ምስጋና ሁሉ ለአላህ (ሱ.ወ.) ይገባው። ሶላትና ሰላም በነቢያችን ሙሐመድ (ሰ.ዐ.ወ.)፣ በቤተሰቦቻቸውና በባልደረቦቻቸው ሁሉ ላይ ይሁን።



ይህ ጽሑፍ እሑድ ከዐስር ሶላት በኋላ በመስጂዳችን ግቢ ለጀመዓው ወጣቶች ያደረግሁት ንግግር ነው። ኮሚቴው ለመታሰቢያ መጽሔቱ በጽሑፍ እንዳቀርበው ሲያዘኝ በቃል ያላነሣኋቸውን ጥቂት ነገሮች ጨምሬበታለሁ። አስቀድሜ አንድ ነገር ልንገራችሁ። እኔ የኮምፒዩተር ዐዋቂ አይደለሁም። ኪታብ ቀርቻለሁ፤ ዓለማዊ ትምህርቴ ከ12ኛ ክፍል አላለፈም። ስልኬ ሲበላሽ አጠና ተራ ላይ ትንሽ ጠረጴዛ ዘርግቶ የሚጠግን ልጅ ስለ ስልኩ ከእኔ እጅግ የተሻለ ያውቃል። ነገር ግን ከስልክ የወጣ ወሬ ሰው ወደ ጎዳና ሲያስወጣ አይቻለሁ፤ ከዚያም የከፋው፣ ወሬውን ያስተላለፍሁት እኔ ራሴ መሆኔ ነው። ስለዚህ ከራሴ ስሕተት እጀምራለሁ።

ሚያዝያ 18 ቀን 2014 ዓ.ም. በጎንደር ከተማ ለቀብር በወጡ ሙስሊሞች ላይ ጥቃት ደረሰ። ከ20 ያላነሱ ወገኖቻችን ሕይወታቸው አለፈ። የረመዳን የመጨረሻዎቹ ዐሥር ቀናት ነበሩ። ይህ እውነት ነበር፤ ማንም የፈጠረው ወሬ አልነበረም። ሐዘኑ እዚህ ኮልፌ ድረስ መጥቶ ቤታችን ገባ። ጥቂት ቀናት ሳይቆይ ደግሞ በስልጤ ዞን በወራቤ አብያተ ክርስቲያናት ጥቃት እንደ ደረሰባቸው ሰማን። ከጀመዓችን ብዙው ሰው ዘመዱ፣ እናት አባቱ ያሉት በዚያ አገር ነው። በሁለቱም በኩል የሚያለቅስ ሰው ነበር። ስልክ ግን ዕረፍት አልነበረውም።

በእነዚያ ቀናት በአንዱ ምሽት፣ ተራዊሕ ልናስጀምር ስንል፣ የማስተምረው አንድ ልጅ ስልኩን ይዞ እስከ ሚሕራቡ ድረስ መጣ። የሚነድ መስጂድ ይታያል፤ መሬት ላይ የተበታተነ የተቃጠለ ሙስሐፍ ይታያል። ከሥሩ በዚሁ በከተማችን ያለ የአንድ መስጂድ ስም ተጽፎበታል። «ኡስታዝ፣ አሁን ነው፤ አሁን እየነደደ ነው!» አለኝ። እጁ ይንቀጠቀጥ ነበር። እኔም ድምፅ ማጉያውን አነሣሁና የመስጂዱን ስም ጠርቼ ዱዓ አድርጉላቸው አልሁ። የተናገርሁት ከሦስት ዐረፍተ ነገር አይበልጥም።

ሁለቱን ረክዓ ጨርሼ ሳሰላምት የኋላው ሶፍ ባዶ ነበር።

ልጆቹ ወደ ዋናው መንገድ ወጥተዋል። ወደ ተባለው መስጂድ የሚወስደው መንገድ በቤተ ክርስቲያን አጥር ሥር ያልፋል፤ እኔ ድምፅ ማጉያውን ስይዝ ይህን አላሰብሁም። ያን ሌሊት ያተረፉን መርካቶ የሚነግዱ አንድ ሽማግሌ ሐጂ ናቸው። የዚያን መስጂድ ዘበኛ ያውቁት ኖሮ ደወሉለት። «ምን ሆናችሁ?» ቢሉት «ምን እንሆናለን ሐጂ፣ ተራዊሕ ላይ ነን፤ አይሰማዎትም?» ብሎ ስልኩን ወደ ውስጥ አዞረላቸው። የቂርኣቱ ድምፅ ተሰማ። ሐጂ በዚያ ዕድሜያቸው ሮጠው ልጆቹን መታጠፊያው ላይ ደረሱባቸውና ስልኩን ከፍ አድርገው ይዘው «ስሙ! ስሙ እንጂ! እየሰገዱ ነው!» አሏቸው። ልጆቹም ተመለሱ። ፎቶግራፉ ከሌላ አገር፣ ያውም ከዓመታት በፊት የተነሣ መሆኑ በማግስቱ ታወቀ።

እንግዲህ ልብ በሉ፤ እኔ ስለ ሐዲስ ዘገባ የማስተምር ሰው ነኝ። ሐዲስ ሲነገር መጀመሪያ የሚጠየቀው ‹ከማን ሰማህ? እርሱስ ከማን ሰማ?› የሚለው ነው። ይህን ሰንሰለት ኢስናድ እንለዋለን። ኢማም አልቡኻሪ ከቡኻራ ተነሥተው ሒጃዝን፣ ኢራቅን፣ ሻምንና ግብፅን የዞሩት ሐዲስን ከባለቤቱ አፍ ለመስማትና የተናጋሪውን ማንነት ለመመርመር ነበር። ዑለሞቻችን ስለ ራዊዎች፣ ማለት ስለ ዘጋቢዎቹ፣ ብዙ ቅጽ ያላቸው መጻሕፍት ጽፈዋል። ማን እውነተኛ ነው፣ ማን ይዋሻል፣ ማን በስተርጅና ትዝታው ደከመ፣ ማን ከማን ጋር በእርግጥ ተገናኝቷል የሚለውን አንድ በአንድ አጣርተዋል። አንድ ሰው ደግና ሶላቱን ጠባቂ ሆኖ ሳለ ትዝታው ደካማ ከሆነ ሐዲሱ አይያዝለትም ነበር። ይህ ነገር ለእናንተ ይጠቅማችኋል። ‹የላከልኝ ጓደኛዬ ነው፤ እርሱ አይዋሽም› ትላላችሁና። ጓደኛችሁ ላይዋሽ ይችላል። ጥያቄው እርሱ ከየት አገኘው ነው። በሑጁራት ሱራም ወሬ ሲመጣልን አጣርተን እንድንቀበል፣ ሳናውቅ ሰው ጎድተን ኋላ እንዳንጸጸት መታዘዛችንን ሁላችሁም ታውቃላችሁ። እኔም ዐውቅ ነበር። በቃሌ ዐውቅ ነበር።

ንግግሬ በዚህ ቢያበቃ ኖሮ እንደ ወትሮው ‹ወጣቶች ሆይ፣ ተጠንቀቁ› ብዬ እቀመጥ ነበር። ነገር ግን በማግስቱ ያን ልጅ ጠርቼ «ይህን ፎቶ ማን ላከልህ?» ብዬ ስጠይቀው የመለሰልኝ መልስ እስከ ዛሬ አልለቀቀኝም። «ማንም አልላከልኝም ኡስታዝ፤ ስልኩን ስከፍተው ራሱ አመጣው» አለኝ።

ራሱ አመጣው። ‹ራሱ› ማን ነው?

ከዚያ በኋላ ስጠይቅ፣ ሳነብ፣ የሚያውቁ ልጆችን ሳስቸግር ቆየሁ። የተረዳሁትን በእኛ ቋንቋ ልንገራችሁ። ፌስቡክም ሆነ ቲክቶክ እንደ ፖስታ ቤት አይሠራም። ፖስታ ቤት ደብዳቤ ይቀበላል፤ ለተጻፈለት ሰው ያደርሳል፤ በዚህ ያበቃል። እነዚህ ግን በየደቂቃው ከሚጻፈውና ከሚቀረጸው እጅግ ብዙ ነገር መካከል ለእናንተ የትኛው ቀድሞ እንደሚታይ ይመርጣሉ። የሚመርጠው መሣሪያ ነው፤ ለመሣሪያው የመምረጫውን ሕግ ያወጡለት ግን ደመወዝ የሚበሉ ሰዎች ናቸው። ኩባንያው የሚያገኘው ገንዘብ ከማስታወቂያ ስለሆነ ሰው ዓይኑን ከስልኩ ሳያነሣ በቆየ ቁጥር ገቢው ይጨምራል። ሰውን ከስልኩ ጋር አስሮ ከሚያቆዩት ነገሮች ደግሞ ቁጣ አንዱ ነው።

ይህን የምለው በግምት አይደለም። ፌስቡክ ከ2017 እ.ኤ.አ. ጀምሮ አንድን ጽሑፍ ለሰው ለማሳየት ሲመዝን የስሜት ምልክቶችን፣ የተቆጣውን ፊት ጨምሮ፣ ከተራው ‹ላይክ› 5 እጥፍ አድርጎ ይቆጥር እንደ ነበር ከራሱ ከኩባንያው የወጡ ሰነዶች አሳይተዋል። የቁጣው ምልክት ክብደት ወደ ዜሮ የወረደው በ2020 እ.ኤ.አ. ነው። እንግዲህ አንድ ነጋዴ በሚዛኑ አንድ ወገን በስውር ድንጋይ ቢያስቀምጥ ምን እንደምንለው ታውቃላችሁ። በዚያ ሚዛን ሰላም የሚያወርድ ሽማግሌ የተናገረው አንድ ሲመዝን፣ ሰውን ያናደደው አምስት ይመዝን ነበር ማለት ነው።

ሰነዶቹን ያወጣችው ፍራንሲስ ሃውገን የተባለች የኩባንያው የቀድሞ ሠራተኛ ናት። በጥቅምት 2021 እ.ኤ.አ. ለአሜሪካ የሕግ መወሰኛ ምክር ቤት ቃሏን ስትሰጥ የብሔር ግጭት ከሚባባስባቸው አገሮች መካከል ኢትዮጵያን በስም ጠርታለች። በዚያው ወር በእንግሊዝ ፓርላማ ቀርባም ይህ 100 ሚሊዮን ሕዝብና ስድስት ቋንቋ ያለው አገር እንደ ሆነ፣ የኩባንያው የመቆጣጠሪያ ሥርዐት ግን የሚያውቀው ሁለቱን ቋንቋዎች ብቻ እንደ ሆነ ተናግራለች። ስድስት ማለቷ እንኳ አሳንሳን ነው። እዚህ ግቢ ውስጥ ብቻ ስንት ቋንቋ ይነገራል? በስልጢኛ የተጻፈን የጥላቻ ቃል እዚያ ማዶ ተቀምጦ የሚያነበው ማን ነው? በበኩሉ ኩባንያው የጥላቻ ንግግርን እንደሚከለክልና የአገራችንን ቋንቋዎች የሚያውቁ ሰዎች እንደ ቀጠረ ይናገራል። ቃሉን ሰምተናል። አሁን ደግሞ በባሕር ዳር የሆነውን ልንገራችሁ።

ፕሮፌሰር መዓረግ አማረ በባሕር ዳር ዩኒቨርሲቲ የኬሚስትሪ መምህር ነበሩ። ትውልዳቸው ትግራዋይ ነው። የሰሜኑ ጦርነት በበረታበት በ2014 ዓ.ም. መጀመሪያ፣ መስከረም 29 እና 30፣ 50,000 ያህል ተከታይ ባለው የፌስቡክ ገጽ ላይ ፎቶግራፋቸው ወጣ። ስማቸውና የሚኖሩበት ሰፈር ተጻፈ፤ ያለ ማስረጃም ወንጀለኛ ተባሉ። ልጃቸው አብርሃም መዓረግ አባቱን የሚያስገድል ጽሑፍ መሆኑን ወዲያው ስለ ተረዳ እንዲነሣ ለኩባንያው አመለከተ። ደግሞም አመለከተ። ጥቅምት 24 ቀን ታጣቂዎች ፕሮፌሰሩን እስከ ቤታቸው ተከትለው በራቸው ላይ በጥይት ገደሏቸው። ኩባንያው ለልጁ ጽሑፉ ደንብ የጣሰ መሆኑን ገልጾ መልስ የሰጠው ኅዳር 2 ቀን ነው፤ አባትየው በሞቱ በስምንተኛው ቀን።

ሟቹ ከእኛ ጀመዓ አልነበሩምና ‹ለምን እርሳቸውን አነሣህ? የእኛስ ሰዎች?› የሚል ይኖራል። ሁለት ምክንያት አለኝ። አንደኛ፣ በግፍ የፈሰሰ ደም ሃይማኖትና ብሔር ተጠይቆ አይታዘንለትም። ሁለተኛው ደግሞ ለእናንተ ለወጣቶች ትልቁ ነገር ነው። ያ ልጅ የጻፋቸውን ማመልከቻዎች፣ ቀኖቹን፣ የተሰጠውን መልስ ሁሉ ይዞ ነበር። የብዙዎቻችን ቁስል ግን ከእንባ በቀር መዝገብ የለውም።

ያን መዝገብ ይዞ በታኅሣሥ 2015 ዓ.ም. ናይሮቢ በሚገኘው የኬንያ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ሜታን፣ የፌስቡክን ባለቤት ማለት ነው፣ ከሰሰ። አብረውት የከሰሱት የአምነስቲ ኢንተርናሽናል ባልደረባ የነበረው ፍስሐ ተክሌና ካቲባ የተባለ የኬንያ የሕግ ተቋም ናቸው። ለተጎጂዎች የሚውል ከ1.5 ቢሊዮን የአሜሪካ ዶላር በላይ የሆነ የካሣ ፈንድ እንዲቋቋም፣ ጥላቻን ከፍ አድርጎ የሚያሳየው አሠራር እንዲለወጥ ጠይቀዋል። ለምን ናይሮቢ? በዚያን ጊዜ የምሥራቅ አፍሪካን ጽሑፎች የሚመረምሩት ሠራተኞች የተቀመጡት እዚያ ስለ ነበረ ነው። ሜታ በኬንያ የተመዘገብሁ ኩባንያ አይደለሁምና የአገሪቱ ፍርድ ቤት ሊዳኘኝ አይችልም ብሎ ተከራከረ። ፍርድ ቤቱ ግን መጋቢት 25 ቀን 2017 ዓ.ም. ጉዳዩን የማየት ሥልጣን አለኝ ሲል ወሰነ። ይህ ጥፋተኛ ነህ የሚል ፍርድ አይደለም፤ ና ቆመህ መልስ ስጥ ማለት ነው። ለእኛ አገር ሰው ግን ትንሽ ነገር አይደለም።

አሁን ወደ ኪታብ ልመልሳችሁ። በአንቢያእ ሱራ የነቢዩ ዳውድና የልጃቸው የነቢዩ ሱለይማን (ዐ.ሰ.) ፍርድ ተጠቅሷል። ዑለሞች እንደሚተርኩት የአንድ ሰው በግ በሌሊት ወጥቶ የሌላውን ሰው እርሻ አወደመው። ነቢዩ ዳውድ በጎቹ ለባለ እርሻው ይሰጡ ብለው ፈረዱ። ነቢዩ ሱለይማን ደግሞ ሌላ አሳብ አቀረቡ። ባለ እርሻው በጎቹን ወስዶ በወተታቸውና በጠጉራቸው ይጠቀም፤ ባለ በጉ እርሻውን ይዞ ያልማ፤ እርሻው እንደ ቀድሞው ሲሆን እያንዳንዱ ንብረቱን ይመልስ። እኔ የዚህን ፍርድ ማማር ሁልጊዜ አደንቃለሁ። ባለ በጉ ‹ይቅርታ› ብሎ አልሄደም፤ ያበላሸውን በገዛ እጁ እንዲጠግን ተፈረደበት እንጂ።

ነቢዩ ሙሐመድም (ሰ.ዐ.ወ.) የአንድ ሶሓባ ግመል ሰው አትክልት ገብታ ባጠፋች ጊዜ፣ ቀን ቀን አትክልቱን መጠበቅ የባለ አትክልቱ እንደ ሆነ፣ በሌሊት እንስሳቱ ላጠፉት ግን ባለቤቶቻቸው ኀላፊ እንደ ሆኑ ወስነዋል። የሻፊዒይ መዝሀብ ዑለሞችም የያዙት ይህንኑ ነው። (በሐነፊይ መዝሀብ ልዩነት አለ፤ ደረሶች ደርስ ላይ ይጠይቁኝ።) የገጠር ልጅ የሆነ ሁሉ የዚህን ምክንያት ያለ መምህር ይረዳዋል። ቀን ባለ እርሻው ማሳው ላይ ነው፤ ያያል፤ ይከላከላል። ሌሊት ተኝቷል። ባለ መንጋው ግን በረቱን መዝጋት ይችል ነበር።

ታዲያ በእኛ ጉዳይ ቀኑ የቱ ነው? ሌሊቱስ? እናንተ ነቅታችሁ፣ ማንነቱን ለማጣራት ጊዜና ዐቅም እያላችሁ ሳትጠይቁ ያስተላለፋችሁት ወሬ የቀን ነው፤ ጥበቃው የእናንተ ነው። እኔ ድምፅ ማጉያ ይዤ የተናገርሁትም የቀን ነው። በዚያ ፎቶግራፍ ላይ ማንንም ኩባንያ አላሳብብም፤ አላህ ይማረኝ። ነገር ግን የ13 ዓመት ልጅ ስልኩን ሲከፍት ለምን ይህ ቀድሞ እንደ ተመረጠለት የሚያውቅበት መንገድ የለውም። የባሕር ዳሩ መምህር በዚያ ገጽ ላይ አንዲት ፊደል የማጥፋት ሥልጣን አልነበራቸውም። እነርሱ ሌሊት ላይ ናቸው። የበረቱ በር ያለው በባለ መንጋው እጅ ነው፤ በሩ ክፍት መሆኑም ተነግሮታል፤ በሩን ክፍት በመተዉ ደግሞ ያተርፋል። ‹ሣሩን የበላው በግ እንጂ እኔ አይደለሁም› ቢል የትኛው የሠፈር ሽማግሌ ይቀበለዋል? ‹ቤቴ ወንዙ ማዶ ስለሆነ አትዳኙኝም› ቢልስ?

በእስያ ያሉት የሮሂንጋ ወንድሞቻችንም ከእኛ ቀድመው በዚህ አልፈዋል። በ2017 እ.ኤ.አ. ከ700,000 በላይ የሚሆኑት ከምያንማር ወደ ባንግላዴሽ ተሰደዱ። ኩባንያው በዚያ አገር መድረኩ ለዐመፅ መቀስቀሻ እንዳይውል በቂ ሥራ አለመሥራቱን በ2018 አምኗል። ያመነው ግን ሰዎቹ ከተሰደዱ በኋላ ነው። ከሦስት ዓመት በኋላ የባሕር ዳሩ ነገር ሆነ።

በንግግሬ ጊዜ አንድ ወንድም እጁን አውጥቶ «ታዲያ መንግሥት ለምን ሙሉ በሙሉ አይዘጋውም?» አለኝ። አሳቡ ከልብ መሆኑን አይቻለሁ። እኔ ግን አልስማማም። ሰኔ 22 ቀን 2012 ዓ.ም. ድምፃዊ ሀጫሉ ሁንዴሳ በተገደለ ጊዜ ኢንተርኔት በአገሪቱ ለ3 ሳምንት ያህል ተዘግቶ ነበር። በእነዚያ ቀናት ዘመዱ በሕይወት ይኑር አይኑር ማወቅ ያልቻለ፣ ከውጭ አገር የሚላክለትን ገንዘብ ያጣ ቤተሰብ ስንት ነበር? ደግሞም እኛ ውለታ ረሺ መሆን የለብንም። በ2004 ዓ.ም. ከሠፈራችን ሩቅ ባልሆነው በአወሊያ የተጀመረው የሙስሊሙ ሰላማዊ የመብት ጥያቄ ለአገሩ ሁሉ የተዳረሰው ‹ድምፃችን ይሰማ› በሚለው የፌስቡክ ገጽና በስልክ መልእክት ነው። የዛሬ ወጣቶች ያን ጊዜ ሕፃናት ነበራችሁ። ‹ዛሬ በዝምታ ብቻ ቁሙ› የሚል መልእክት ሲመጣ በሺህ የሚቆጠር ሰው አፉን ዘግቶ ሲቆም በዓይኔ አይቻለሁ። የጥያቄው መሪዎች ታስረው በ2007 ዓ.ም. በፀረ ሽብር ሕጉ እስከ 22 ዓመት ተፈረደባቸው። ስለዚህ በሩን መዝጊያ ቁልፍ ለኀይለኛ ሁሉ ስጡት አልልም። ዛሬ ጥላቻን ይዘጋበታል፤ ነገ የተበደለውን አፍ ይዘጋበታል።

ሕግ የለም ማለቴም አይደለም። በ2012 ዓ.ም. የወጣው የጥላቻ ንግግርና የሐሰተኛ መረጃ ሥርጭት መከላከያና መቆጣጠሪያ አዋጅ ቁጥር 1185 ማኅበራዊ ሚዲያዎች ጥቆማ ሲደርሳቸው በ24 ሰዓት ውስጥ ጽሑፉን እንዲያነሡ ያዛል። የባሕር ዳሩ ሰው ሲገደሉ አዋጁ ሥራ ላይ ነበር። የ24 ሰዓቱ ሕግ ምን ያህል እንደ ተከበረ ከላይ የጻፍኋቸውን ቀኖች ቈጥራችሁ ፍረዱ። የእኛ ሕግ የሚደርሰው እዚህ ቁጭ ብሎ የጻፈው ልጅ ዘንድ ነው፤ ማዶ ያለውን ባለ በረት ሲይዝ ግን አላየንም። ልጁም ይጠየቅ፤ ግን እርሱ ብቻ ሲጠየቅ ሚዛኑ አሁንም ያጋደለ ነው።

ከዚህ ሁሉ መካከል የሚረሱ ሰዎች አሉ። እነዚያ ናይሮቢ ተቀምጠው ይመረምሩ የነበሩት ሠራተኞች እንደ እናንተ ያሉ ወጣቶች ናቸው፤ የእኛ አገር ልጆችም ነበሩባቸው። ሥራቸው ሰው ሲታረድ፣ ሬሳ ሲጎተት የሚያሳየውን ሥዕል ሌላው እንዳያየው ቀድመው ማየት ነበር። ቀጣሪያቸው ሳማ የተባለ ድርጅት ነበር፤ ከእነርሱ መካከል በሰዓት 1.50 ዶላር ያህል ይከፈላቸው የነበሩ እንዳሉ በ2022 እ.ኤ.አ. ታይም መጽሔት ጽፏል። በ2023 ከ180 በላይ የሚሆኑት ከሥራ መሰናበታቸውን ተቃውመው ከሰሱ። ሜታ በዚያም ክስ እዚያ አገር አልዳኝም ብሎ ነበር፤ የኬንያ ይግባኝ ሰሚ ፍርድ ቤት በ2024 አልተቀበለውም። ብዙዎቹ በሐኪም ተመርምረው ከባድ የመንፈስ ጉዳት እንደ ደረሰባቸው ተረጋግጧል። ሚስቱ ፊት ማልቀስ የማይችል፣ እንቅልፍ የሌለው ሰው አስቡ። የእኛ ስልክ ትንሽም ቢሆን የጸዳው በእነርሱ እንቅልፍ ነው። ስለ ሠሪዎቹ ተጠያቂነት ስናነሣ ይህንም እናንሣ።

ስለዚህ ከእናንተ የምፈልገው ስልካችሁን እንድትጥሉ አይደለም። ብነግራችሁም አትሰሙኝም፤ እኔም አልጣልሁትም። የምፈልገው ስልካችሁን እንደ ደረሳ እንድትይዙት ነው። አስደንጋጭ ነገር ሲመጣላችሁ ወደ ቦታው ደውሉ፤ ሐጂ ያደረጉት ይኸው ነው፤ ሁለት ደቂቃ አልፈጀም። ፎቶግራፉ ቀድሞ የት እንደ ወጣ መፈለግን ከመካከላችሁ የሚችሉት ያልቻሉትን ያስተምሩ፤ ለእኔም አስተምሩኝ። የሚያስቆጣችሁን ነገር ስታዩ ‹ማን ጻፈው?› ካላችሁ በኋላ ሁለተኛውን ጥያቄ አትርሱ፦ ‹ማን ፊቴ አመጣው? ከእኔ መቆጣት የሚያተርፈውስ ማን ነው?› ሰውን ለጉዳት የሚያጋልጥ ጽሑፍ ስታገኙ ደግሞ ስትሳደቡ አትዋሉ። ፎቶ አንሥታችሁ ያዙት፤ ቀኑን፣ ሰዓቱን፣ የገጹን ስም ጻፉ፤ ለኩባንያው አመልክቱ፤ ያመለከታችሁበትንም ያዙ። በሸሪዓችን ምስክርነት ከባድ ዋጋ ያለው ነገር ነው። ትምህርት ቤት ያላችሁትም ሁሉም ሐኪም ካልሆንሁ አይበል። ሕግ አጥኑ፤ ይህን መሣሪያ የሚሠራውን ሙያ አጥኑ። የራሳችን ቋንቋ በሚመዘንበት ክፍል ውስጥ ቋንቋውን የሚያውቅ ሰው ይኑርበት።

ንግግሬን ጨርሼ ስነሣ ከእህቶች በኩል የ11ኛ ክፍል ተማሪ የሆነች ልጅ ጠየቀችኝ። «ኡስታዝ፣ ያን ማታ በድምፅ ማጉያ የተናገሩትን አንድ ሰው ቀድቶት ቢሆንስ?» አለች። እኔ እንደ ምሳሌ ያቀረበችው መስሎኝ «አላህ ይጠብቀን» አልኋት። እርስዋ ግን ስልክዋን ከፈተች። የእኔ ድምፅ ነው። የመስጂዱን ስም ስጠራ፣ ዱዓ አድርጉ ስል ይሰማል። ሥዕሉ ያው የሚነደው መስጂድ ነው። ቀን የለውም፤ ዓመት የለውም። ከሥሩ አስተያየት የሚጽፉት ሰዎች ዛሬ የሆነ ይመስላቸዋል፤ ከዘመቻ በቀር ምን ቀረን የሚልም አለበት። ከዓመታት በኋላ እንደገና የወጣው በቅርቡ ነበር። ማን እንዳወጣው አይታወቅም፤ ለልጅቷም ስልክዋን ስትከፍት ራሱ ነው የመጣላት።

የመድረኩን ስም አልጠቅስም። በዚያው ሳምንት ከእርስዋና ከሁለት ወንድሞች ጋር ተቀምጠን ድምፁ የእኔ መሆኑን፣ ወሬው ሐሰት እንደ ነበረ፣ ሰው ሊያስጎዳ እንደሚችል ጽፈን እንዲነሣ አመለከትን። ከዚያ ሁለት ጊዜ ደገምን። በሚቀጥለው ጁሙዓም ሚንበር ላይ ወጥቼ ያን ማታ የተናገርሁት ሐሰት እንደ ነበረ ለጀመዓው ተናገርሁ፤ ይህን ከብዙ ጊዜ በፊት ማድረግ ነበረብኝ። ልጆቹ እርሱንም ቀድተው አውጥተውታል፤ ያየው ሰው ጥቂት ነው።

ይህን እስከምጽፍበት ቀን ድረስ ለማመልከቻችን መልስ አልመጣም። ያመለከትንባቸውን ሦስት ቀኖች በሙስሐፌ መያዣ ውስጥ በወረቀት ጽፌ አስቀምጫለሁ።

ወሰላሙ ዐለይኩም ወረሕመቱላሂ ወበረካቱህ።